በወንበር የተገኘ መንጃ ፈቃድ

ስለ ሰው ሕይወት የሚጨነቅ መሥሪያ ቤት ማግኘት ለአንድ ከተማ ትልቅ ጸጋ ነው። የመንጃ ፈቃድ እድሳት ክፍል ከተቋቋመበት ጊዜ ጀምሮ ሲጨነቅ ኖሯል። መጀመሪያ የጉርድ ፎቶግራፍ ጀርባ ምን ዓይነት ቀለም ይኑረው ብሎ ተጨነቀ። ሰማያዊውን በነጭ፣ ነጩን መልሶ በሰማያዊ ከተካ በኋላ የሚያስጨንቀው ነገር ቢያጣ፣ ፊቱን ወደ አዛውንት አሽከርካሪዎች አዞረ። ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም እንደሚባለው፣ ከልቡ ለሚጨነቅ ሰውም ምክንያት አይጠፋም።

በወጣው መመሪያ መሠረት ሰባ ዓመት የሞላው አሽከርካሪ መንጃ ፈቃዱን ሲያሳድስ የተግባር ፈተና እንደገና ይፈተናል። ይህን ማንም ሊያስበው ይችላል። ክፍሉን ከሌላው የለየው አፈጻጸሙ ነበር። መጀመሪያ ላይ ፈተናው የሚሰጠው በመኪና ነበር፤ ይህ ግን ስሕተት መሆኑ ወዲያው ታወቀ። መኪና ይንቀሳቀሳል፤ የሚንቀሳቀስ ነገር ደግሞ ለአደጋ የተጋለጠ ነው። ፈታኞቹም የቤተሰብ ኃላፊዎች መሆናቸውን ጠቅሰው፣ ከአዛውንት ጎን ተቀምጠው አደባባይ መዞር እንደማይችሉ አመለከቱ። ሳይቃጠል በቅጠል ነውና የመፈተኛው መኪና ጎማዎቹ ተፈትተው ግቢው ውስጥ በድንጋይ ላይ ተቀመጠ። ከዚያ በኋላ ፈተናው በወንበር ሆነ።

ሐሳቡን ያፈለቁት የክፍሉ ኃላፊ ናቸው። ኃላፊው ወንበር ላይ ተቀምጠው ብዙ ርቀት የተጓዙ ሰው ስለሆኑ የወንበርን አቅም ከማንም በላይ ያውቁታል።

«ወንበር ነዳጅ አይፈልግም» አሉ ለሠራተኞቻቸው ሲያብራሩ። «አይገለበጥም፤ ሰው አይገጭም። ችሎታ ያለው አሽከርካሪ ወንበር ላይም ችሎታው ይታያል። የሌለው ደግሞ ወንበር ላይ ቢታይ ለሁላችንም ይሻላል።»

ተጨበጨበ። በኋላ በሪፖርት እንደ ተገለጸውም፣ ፈተናው በወንበር መሰጠት ከጀመረ ወዲህ በመፈተኛ ክፍሉ ውስጥ አንድም የመኪና አደጋ አልደረሰም።

ጋሽ እርጋታ ይህን ሁሉ አያውቁም ነበር። «እርጋታ» የሚለውን ስም ያወጡላቸው የከተማ አውቶቡስ ሲነዱ በኖሩበት ዘመን ተሳፋሪዎቻቸው ናቸው። በእሳቸው አውቶቡስ ቆሞ የሚሄድ ሰው ብረት መጨበጥ አያስፈልገውም ይባል ነበር። ፍሬን ሲይዙ አውቶቡሱ የሚቆም ሳይሆን የሚያርፍ ይመስላል። ይህ ሙገሳ ልባቸውን ትንሽ እንዳሳበጠው አይካድም፤ ዛሬም ሌላ ሰው በሚነዳው መኪና ሲሳፈሩ በየመቆሚያው አፍንጫቸውን ይነፋሉ። ጡረታ ሲወጡ ያን ሁሉ እርጋታ ወደ አንዲት አሮጌ ነጭ መኪና አዛወሩትና አንዲት ተሳፋሪ ብቻ ይዘው ቀሩ። ተሳፋሪዋ ሰፈሩ በሙሉ እትዬ የሚላቸው ባለቤታቸው ናቸው።

እትዬ ቀኝ ጉልበታቸውን ያማቸዋል። በየሳምንቱ ከከተማው ወዲያኛው ጫፍ ወዳለ የፊዚዮቴራፒ ክሊኒክ መሄድ አለባቸው፤ የታክሲ ደረጃ መውጣት ደግሞ አይችሉም። ሐኪሙ «ሕክምናውን ካቋረጡት ጉልበቱ እንደ ዛገ ማጠፊያ ይሆናል፤ ከዚያ ወዲያ ከቤት መውጣትም ያቅትዎታል» ብሎ አስጠንቅቋቸዋል። ስለዚህ ለጋሽ እርጋታ ነገሩ የካርድ ጉዳይ አልነበረም። መኪናዋ ከቆመች እትዬ ይቀመጣሉ።

ታላቅ ልጃቸው ለዚህ መፍትሔ ነበረው።

«አባዬ፣ በዚህ ዕድሜህ ፈተና ምን ያደርግልሃል? መኪናዋን እኔ ልያዛት። እማዬን እኔ አመላልሳታለሁ።»

«መቼ?»

«ሲመቸኝ።»

«የሚመችህ መቼ ነው?»

«እሱን እንነጋገርበታለን።»

ጋሽ እርጋታ ልጃቸውን ይወዱታል። ነገር ግን ባለፈው «ሲመቸኝ መጥቼ እቀባዋለሁ» ያለው የአጥር በር፣ ቀለሙን ሲጠብቅ ዝጎ ተገንጥሏል።

አንድ ነገር እዚህ ላይ መነገር አለበት። እትዬ በሕይወታቸው መሪ ጨብጠው አያውቁም። ይህ ማለት ግን አይነዱም ማለት አይደለም። ጋሽ እርጋታ በግራ በኩል ተቀምጠው መሪውን ሲያዞሩ፣ እትዬ በቀኝ በኩል ሆነው የቀረውን ሥራ ሁሉ ይሠራሉ። መብራቱ ከመቅላቱ በፊት ቀይ መሆኑን ያያሉ። እግረኛው ገና ከቤቱ ሳይወጣ ይጠነቀቁለታል። ፍሬን ሲያስፈልግም፣ ሳያስፈልግም፣ ቀኝ እግራቸውን ወለሉ ላይ ይተክላሉ። የመኪናዋ ምንጣፍ በእሳቸው በኩል ተበስቷል። የሚያማቸውም ይኸው እግር ነው። ሐኪሙ ዕድሜ ነው ይላል፤ ጋሽ እርጋታ ግን ፍሬን ነው ይላሉ።

መመሪያው ተፈታኙ አንድ የቤተሰብ አባል አጅቦት እንዲመጣ ያዛል። ስለዚህ በፈተናው ቀን ጋሽ እርጋታ እትዬን አሳፍረው ወደ መሥሪያ ቤቱ ነዱ፤ ግቢው ሞልቶ ነበርና ጎማ በሌለው የመፈተኛ መኪናና በኃላፊው መኪና መካከል ባለች ጠባብ ቦታ፣ ወደ ኋላ በአንድ ጊዜ አስገብተው አቆሙ። ፈታኙ በመስኮት ሲያይ ነበር።

«ማነው እንደዚህ አድርጎ ያስገባው?» ሲል ከልቡ አደነቀ።

«እኔ ነኝ» አሉ ጋሽ እርጋታ ሲገቡ። «ለእድሳት ነው የመጣሁት።»

«ጎበዝ ነዎት አባቴ። እሱ ግን አይያዝልዎትም። ፈተናው እዚህ ውስጥ ነው።»

በመፈተኛ ክፍሉ ሁለት ወንበሮች ጎን ለጎን ተቀምጠው ነበር። የግራው የአሽከርካሪው፣ የቀኙ የአጃቢው ነው። መሪው የሻይ ትሪ ነው። ከጋሽ እርጋታ ቀድመው የገቡት መነጽራቸው እንደ ጠርሙስ ቂጥ የወፈረ አንድ ሽማግሌ እየጨረሱ ነበር። ሽማግሌው ወንበሩን ነዱት ከማለት ጋለቡት ማለት ይሻላል። ሞተሩን በአፋቸው አስነሡ፤ ማርሽ በቀየሩ ቁጥር ድምፃቸውንም ቀየሩ፤ መስቀለኛ መንገድ ላይ ሲደርሱ «ጲጵ ጲጵ» ብለው ክላክስ ነፉ፤ መንገድ የዘጋባቸውን ባለታክሲ ከነዘሩ ሰደቡት። ፈታኙ በከፍተኛ ውጤት አሳለፋቸውና ጨበጣቸው። ሽማግሌው አመስግነው ተነሡ፤ ወደ ቁም ሳጥኑም ገቡ።

«በሩ በግራ በኩል ነው አባቴ» አለ ፈታኙ በትሕትና።

ከዚያ ጋሽ እርጋታ ተጠሩ። እትዬ ጉልበታቸውን ይዘው በቀኙ ወንበር ተቀመጡ። ፈታኙ ትሪውን አቀበላቸው። ጋሽ እርጋታ ተቀብለው አገላብጠው አዩት። መካከሉ ላይ የጽጌረዳ ሥዕል አለ፤ ጠርዙ ላይ ስኳር ደርቆበታል።

«ትሪ ነው እኮ» አሉ።

«ለጊዜው መሪ ነው።»

«እስከ መቼ?»

«እስከ ሻይ ሰዓት። በሉ ሞተሩን ያስነሡ።»

«በምን?»

«በአፍዎ ነዋ።»

ጋሽ እርጋታ እንደ መሳቅ ቃጣቸው፤ የፈታኙን ፊት አይተው ተዉት። «ልጄ፣ ይህን ሁሉ ዘመን የሚጮኸው ሞተሩ ነው። እኔ ጮኼለት አላውቅም።»

«እሺ፣ ሞተሩ ተነሥቷል እንበል። አሁን በሰዓት ሃምሳ ኪሎ ሜትር እየነዱ ነው።»

«ቆሜያለሁ።»

«ሃምሳ እየነዱ ነው አባቴ። መመሪያው ላይ እንደዚያ ነው የተቀመጠው።»

«መመሪያው ይንዳ። እኔ ቆሜያለሁ።»

ፈታኙ «ስለ ፍጥነት ያላቸው ግንዛቤ አነስተኛ ነው» ሲል ጻፈ። እትዬ የባላቸውን እጅጌ ጎተት አድርገው «ምናለ እሺ ብትለው» አሉ በሹክሹክታ። «ክሊኒኩን አስብ እንጂ።»

ጋሽ እርጋታ ክሊኒኩን አሰቡ። ትሪውን በሁለት እጃቸው ያዙ። «እሺ» አሉ፤ «ሃምሳ ነኝ።» ይህን ሲናገሩ ግን የሰረቁ ያህል ጆሮአቸው ቀላ።

«አሁን ደግሞ» አለ ፈታኙ ከወረቀቱ ላይ ዓይኑን ሳያነሣ፣ «ከፊት ለፊትዎ ሕፃን ልጅ መንገድ ገባ።»

ጋሽ እርጋታ ፊት ለፊታቸውን አዩ። ፊት ለፊት ግድግዳ ነው፤ ግድግዳው ላይ ኃላፊው የምስክር ወረቀት ሲቀበሉ የተነሡት ፎቶግራፍ ተሰቅሏል።

«የታለ?» አሉ።

ቃሉ ካፋቸው ሳይወጣ እትዬ ጮኹ።

«ፍሬን! አንተ ሰውዬ፣ ልጁን!»

ቀኝ እግራቸው የመፈተኛ ክፍሉን ወለል መታው። ግራ እጃቸው የባላቸውን ደረት ደግፎ ያዘ። ከዚያ ትንፋሻቸውን ሰብስበው «ተረፈ» አሉ።

ፈታኙ ብዕሩን አስቀመጠ። «እናቴ፣ እርስዎ አዩት?»

«ዓይን የለኝም እንዴ? ኳሱን ተከትሎ ነው የወጣው። ጥፋተኛዋማ እናቱ ናት።»

ፈታኙ ስለ ኳስ ምንም አልተናገረም ነበር። መመሪያውን ገልጦ አየ። ሕፃኑ ኳስ ተከትሎ እንደሚወጣ በግልጽ ሰፍሯል።

እንዲህ ያለ ችሎታ በመፈተኛ ክፍሉ ታይቶ አይታወቅም። ፈታኙ እትዬን ዕድሜያቸውን ጠየቃቸው፤ ሰባን ከተሻገሩ ቆይተዋል። ሲነዱ ምን ያህል ጊዜ እንደሆናቸው ጠየቃቸው።

«ከተጋባን ጀምሮ» አሉ እትዬ።

«ግጭት ደርሶብዎት ያውቃል?»

«እኔ? አንድም ቀን። የነካነው ሁሉ እሱ ሳይሰማኝ ሲቀር ነው።»

«የቀድሞ መንጃ ፈቃድዎን ይዘዋል?»

«እኔ ጋ የለም» አሉ እትዬ፤ እውነታቸውን ነበር።

መመሪያው ለዚህም መልስ አለው። አዛውንት ዕቃ እንደሚጠፋባቸው የታወቀ ስለሆነ፣ የቀድሞውን ፈቃድ በእጁ ያልያዘ ተፈታኝ አይንገላታም ይላል። ፈታኙ ባልና ሚስቱን ቦታ አቀያየራቸው። ጋሽ እርጋታ ምን እየተደረገ እንደሆነ ሳይገባቸው በቀኙ ወንበር ተቀመጡ። እትዬም «ኧረ እኔ ምን አውቃለሁ» እያሉ ትሪውን ያዙ፤ ለአብነት ያህል፣ ባላቸው አይተው እንዲማሩ ብቻ።

«ሞተር» አለ ፈታኙ።

እትዬ አስነሡ። ነጯ መኪና በብርድ ጠዋት እንደምታደርገው መጀመሪያ ሁለቴ አሳሉ፤ ከዚያ ተረጋጉ። ወደ ግራ ሲታጠፉ ወደ ቀኝ አዩ። ለአንዲት አሮጊት ቆመው አሳለፉ፤ «ቀስ በይ እናቴ፣ እኛ አንቸኩልም» አሏት። አንድ ሰው ያለ ፍሬቻ ሲገባባቸው ግን «አያት የለህም?» ብለው ጠየቁት። ፈታኙ ኃላፊውን ጠራ። ኃላፊው መጡ፤ በር ላይ ቆመው እጃቸውን አጣምረው ተመለከቱ።

እትዬ አደባባዩ መካከል እንደ ደረሱ የሻይ ሰዓት ሆነ። ሻይ አቅራቢዋ ገባችና ማንንም ሳታስፈቅድ መሪውን ከእጃቸው ወስዳ ወጣች። በዚህ ቦታ ላይ ከሳቸው በፊት የተፈተኑ ሁሉ ቆመዋል። እትዬ ግን አልቆሙም። ባዶ እጃቸውን በአየር ላይ እንደያዙ አደባባዩን ዞረው ጨርሰው፣ ጥግ ይዘው አቆሙ።

«ይህ ነው ማሽከርከር» አሉ ኃላፊው በተሰበረ ድምፅ። «ከመጠምጠም መማር ይቅደም የሚባለው ለዚህ ነው።»

ውጤቱ እዚያው ተነገረ። እትዬ ክፍሉ ከተቋቋመ ወዲህ ያልታየ ነጥብ አግኝተው መንጃ ፈቃዳቸው ታደሰላቸው። ጋሽ እርጋታ ወደቁ። ሃምሳ እየነዱ ቆሜያለሁ ብለዋል፣ መሪውን ትሪ ብለውታል፣ ፊታቸው የቆመ ሕፃን አላዩም። አሮጌው መንጃ ፈቃዳቸውም ተወሰደ።

ግቢው ውስጥ ሁለቱም መኪናቸው አጠገብ ቆሙ። የእትዬ ቀጠሮ በማግሥቱ ነው። ጋሽ እርጋታ በልማድ በግራ በኩል ገቡ፤ አስታውሰው ወጡና በቀኝ ገቡ። እትዬ በግራ ገቡ። ሁለቱም ፊት ለፊት ያለውን አጥር አዩ።

«አሁንስ?» አሉ እትዬ።

«አሁንማ ባለፈቃዷ አንቺ ነሽ።»

«እኔ እኮ ላሳይህ ብዬ ነው።»

«አየሁ።»

ስልክ ጮኸ። ልጃቸው ነው። «አባዬ፣ ወደቅህ?» አለ። ማዘኑን ለማስረዳት ትንሽ ቆየና ቀጠለ። «በቃ፣ ልምጣና መኪናዋን ልውሰዳት።»

እትዬ ስልኩን ከባላቸው እጅ ተቀበሉ። «መኪናዋን የትም አትወስዳትም። ፈቃድ ያለው ሰው ቤት ናት ያለችው።»

«የማን ፈቃድ?»

«የእናትህ።»

«እማዬ፣ የምን ፈቃድ?»

«ካርዱ የመኪና ነው ይላል» አሉ እትዬና ዘጉት።

ግን ቃል መኪና አይነዳም። ጋሽ እርጋታ ያለ ፈቃድ ከግቢ ለመውጣት ሕሊናቸው እምቢ አላቸው፤ እንደዚያ ያለ ነገር አድርገው አያውቁም። እትዬን በታክሲ እንዳይወስዱ ደረጃው አለ። ስለዚህ ወደ ኃላፊው ተመለሱ፤ እትዬ ክንዳቸውን ተደግፈው፣ በእያንዳንዱ ደረጃ ላይ «ውይ» እያሉ። ኃላፊው ችግሩን በጥሞና ሰሙና ፈገግ አሉ። ለእሳቸው መመሪያ የማይፈታው ችግር ገና አልተወለደም።

«ቀላል ነው። ለማጅ ይሁኑ።»

«ምን?» አሉ ጋሽ እርጋታ።

«የለማጅ ፈቃድ ያውጡ። ለማጅ፣ መንጃ ፈቃድ ያለው ሰው አጠገቡ እስከተቀመጠ ድረስ በማንኛውም መንገድ መንዳት ይችላል። አሥራ ስምንት ዓመት ሞልቶዎታል?»

«ከሞላኝ ቆይቷል።»

«እንግዲያው መስፈርቱን ያሟላሉ። አጠገብዎ የሚቀመጡት አሠልጣኝ እትዬ ይሆናሉ ማለት ነው። አንድ ግዴታ ብቻ አለ፤ ለማጅ አሠልጣኙ ያዘዘውን ሳያንገራግር መፈጸም አለበት።»

«ካላደረግሁስ?»

«ፈቃድዎ ይሰረዛል።»

እትዬ ይህች አንቀጽ ደግማ እንድትነበብላቸው ጠየቁ።

በቀይ ቀለም «ለማጅ» የሚል ጽሑፍ ያለበት ሰሌዳ በነጯ መኪና ፊትና ኋላ ተለጠፈ። ጋሽ እርጋታ ገብተው ሞተሩን አስነሡ፤ በቁልፍ። ከሁለቱ መኪኖች መካከል መላጣ ራስ ላይ እንዳለፈ ምላጭ ምንም ሳይነኩ ወጡ።

«ፍሬቻ» አሉ አሠልጣኛቸው።

«አብርቻለሁ።»

«ማንገራገር የለም ተብሏል።»

ፍሬቻውን አጥፍተው እንደገና አበሩት።

በማግሥቱ ክሊኒክ ሄዱ። በሚቀጥለው ሳምንትም ሄዱ፤ ከዚያም ወዲያ። ሌሎች አሽከርካሪዎች ሰሌዳውን ሲያዩ ይራራሉ፤ ርቀት ጠብቀው ያልፋሉ። አንድ ወጣት አጠገባቸው ቆሞ «አይዞህ አባባ፣ እኔም መጀመሪያ ላይ እንደዚህ ነበርኩ» አላቸው። ጋሽ እርጋታ አፍንጫቸውን ነፉ።

ያልታሰበ ነገርም ታየ። የእትዬ ጉልበት ይሻለው ጀመር። ሐኪሙ በሕክምናው አሳበበ። ጋሽ እርጋታ ግን ምክንያቱን ያውቁታል። በፊት የሚሰማቸው ሲያጡ እትዬ ፍሬን በእግራቸው ይይዙ ነበር፤ አሁን ሕግ ከጎናቸው ስለቆመ በአፍ ማዘዝ ብቻ በቃቸው። ምንጣፉ ላይ ያለው ቀዳዳ መስፋቱን አቆመ።

አንድ ቀን ከክሊኒክ ሲመለሱ ዝናብ ጀመረ። መንገዱ ዳር የመሥሪያ ቤት መኪና መክደኛው ተከፍቶ ቆሟል፤ ከአጠገቡ አንድ ሰው የወረቀት አቃፊ በራሳቸው ላይ ደፍተው እጃቸውን ያወዛውዛሉ። ኃላፊው ናቸው። በመንገድ ደኅንነት ስብሰባ ላይ ስለ ወንበሩ ተሞክሮ ሊናገሩ ሲሄዱ መኪናው ጥሏቸዋል። ጋሽ እርጋታ መኪናዋን ልክ እግራቸው ሥር አሳረፏት፤ የኋላው በር እጀታ ኃላፊው እጅ አጠገብ ቆመ።

ኃላፊው አንድ እግራቸውን ካስገቡ በኋላ ሰሌዳውን አስታወሱ።

«ቆይ፣ የሚነዳው ለማጁ ነው?»

«አዎ» አሉ እትዬ ዞረው። «ገና ነው። ግን ይታዘዛል።»

«ይቅርታ አድርጉልኝ። እኔ ዛሬ ዋና ተናጋሪ ነኝ፤ በዚህ ዝናብ ሕይወቴን ለለማጅ አልሰጥም። እትዬ፣ እርስዎ ይንዱልኝ። ያንን ውጤት ያመጡት እርስዎ ነዎት፤ በገዛ እጄ ነው የፈረምኩት።»

እትዬ ባላቸውን አዩ። ጋሽ እርጋታ የእጅ ፍሬኑን ሳቡ፣ ወረዱ፣ ዞረው የእትዬን በር ከፈቱ፣ ክንዳቸውን ሰጥተው ከመሪው ፊት አስቀመጧቸው። እሳቸው በቀኝ በኩል ገብተው ቀበቷቸውን አሰሩ። ጠበቅ አድርገው ነበር ያሰሩት።

«ልጄ፣ እርግጠኛ ነህ?» አሉ እትዬ።

«ያኔ ያየሁትን ነው ማየት የምፈልገው» አሉ ኃላፊው ከኋላ፣ አቃፊያቸውን ጭናቸው ላይ እያደላደሉ።

እትዬ መሪውን በሁለት እጃቸው ያዙ። ሁለቴ አሳሉና ሞተሩን በአፋቸው አስነሡ። ሞተሩ ቀድሞ ተነሥቶ ነበር። ወደ ቀኝ አዩ፣ ወደ ግራ አዩ። ከዚያ ወደ ታች አዩ።

«እነዚህ ሦስቱ ምንድን ናቸው?»

«መርገጫ ናቸው» አሉ ጋሽ እርጋታ።

«ሦስት? እኔ ጋ እኮ አንድ ፍሬን ብቻ ነው ያለው።» እትዬ ወደ ኋላ ዞሩ። «ልጄ፣ ወንበሩ ላይ እነዚህ አልነበሩም። የትኛውን ነው የማልነካው?»

የመኪናዋ ጣሪያ ላይ ዝናቡ ይደበድባል። ኃላፊው በመስኮት ወደ ውጭ ተመለከቱ።

«ያባራ መሰለኝ» አሉ።

አላባራም ነበር። ኃላፊው ግን በሩን በቀስታ ከፍተው ወረዱ። አዳራሹ ቅርብ መሆኑን፣ የእግር ጉዞም ለጤና መልካም መሆኑን ተናገሩ፤ አቃፊውን ራሳቸው ላይ ደፍተው በዳር ዳር ሄዱ። አንድ ጊዜ ዞር ብለው ነጯ መኪና እንዳልተነሣች አረጋገጡና እርምጃቸውን አፈጠኑ።

ትልቅ ሰው ግን ከገጠመው ነገር ይማራል። ኃላፊው ጫማቸው ውኃ እየተፋ መድረኩ ላይ ሲወጡ የተዘጋጀውን ንግግር ወደ ጎን አደረጉት። በወንበሩ አሠራር ላይ ከባድ ክፍተት መኖሩን በዓይናቸው እንዳዩ፣ ይህንንም ለመደበቅ ሕሊናቸው እንደማይፈቅድ ገለጹ። አዳራሹ በአድናቆት አጨበጨበ። ክፍተቱ በአስቸኳይ እንዲታረም ትእዛዝ የሰጡትም እዚያው መድረክ ላይ ነው። እነሆ ከዚያ ቀን ጀምሮ በመፈተኛ ክፍሉ ከአሽከርካሪው ወንበር ሥር፣ ወለሉ ላይ፣ ሦስት መርገጫ በጠመኔ ተሥሏል።

እትዬ ለአዲሱ አሠራር አርአያ እንዲሆኑ ተጠርተው በጠመኔው ላይ እንደገና ተፈተኑ። ከቀድሞውም የበለጠ ነጥብ አገኙ። ዛሬ በየሳምንቱ እየሄዱ ለሌሎች ተፈታኞች ያሳያሉ፤ መሃለኛው፣ የፍሬኑ ሥዕል፣ በእሳቸው እግር ምት ብዛት ስለሚጠፋ በየሳምንቱ ይደገማል።

ከመሥሪያ ቤቱ ወደ ቤታቸው የሚያደርሷቸው ጋሽ እርጋታ ናቸው። እሳቸው ዛሬም ለማጅ ናቸው። የአጥሩን በር ቦታ አልፈው መኪናዋን ግቢ ሲያሳርፏት፣ እትዬ መቆሟን እንኳ ሳያውቁ ትንሽ ይቆያሉ፤ ከዚያ ቀበቷቸውን እየፈቱ አስተያየት ይሰጣሉ።

«ደህና ነው ዛሬ» ይላሉ። «በርታ። ገና ይቀርሃል።»